ራጅ፣ አልትራሳውንድ፣ ሲቲና ኤምአርአይ፦ የሚያሳዩትና የማያሳዩት

«እባክህ፣ ከመጣሁ አይቀር ሁሉንም እይልኝ።» ሐዋሳ ውስጥ በራጅና በአልትራሳውንድ ክፍል የምንሠራ ሰዎች ይህን ልመና ሳንሰማ አንውልም። ከበንሳ፣ ከአለታ ወንዶ ወይም ከይርጋለም ተሳፍሮ፣ ለምርመራው ገንዘብ ለቃቅሞ ለመጣ ሰው ልመናው ተገቢ ነው። ሆኖም ሁሉንም የሚያይ ማሽን የለም። አንዱ የሚያየውን ሌላው አያይም፤ ዛሬ ያልታየው ከ2 ሳምንት በኋላ ይታያል፤ አንዳንዱ በሽታ ደግሞ የትኛውም ምስል ላይ አይወጣም። ይህን የነገራቸው ስለሌለ «ማሽን ምንም አላገኘብኝም» ብለው ሕመማቸውን ይዘው ቤት የሚቀመጡ ብዙ ናቸው። ይህን የጻፍኩት ለእነሱና ለአስታማሚዎቻቸው ነው።

ከማዘዣ ወረቀቱ ልጀምር፤ ብዙ ነገር የሚበላሸው እዚያ ላይ ነውና። «የሆድ አልትራሳውንድ» ተብሎ ብቻ ከመጣ፣ የሚመረምረው ባለሙያ ጉበቱን፣ የሐሞት ከረጢቱን፣ ጣፊያውንና ኩላሊቶቹን በተለመደው ቅደም ተከተል አይቶ ያልፋል። «ከ3 ሳምንት ጀምሮ በቀኝ በኩል ከጎድን አጥንት ሥር ያመዋል፣ ቅባት ሲበላ ይብስበታል» የሚል ከተጻፈበት ግን ሐሞት ከረጢቱ ላይ ይቆያል። በሽተኛውን በጎኑ ያስተኛዋል፣ ያስቀምጠዋል፣ ከረጢቱ አንገት ውስጥ የተሸጎጠ ጠጠር እንዳለ ይፈልጋል። ጠጠር ከሆነ ሰውየው ሲገላበጥ አብሮ ይንከባለላል፤ ግድግዳው ላይ የበቀለ ፖሊፕ ከሆነ ካለበት አይነቃነቅም። ይህን የሚያደርገው ምክንያት ሲኖረው ነው። ስለዚህ የት እንደሚያማችሁ፣ ከመቼ ጀምሮ እንደሆነና ምን ሲሆን እንደሚብስ ሐኪሙ እንዲጽፈው ጠይቁ። ካልተጻፈም አልጋው ላይ ሆናችሁ በቃል ንገሩን። ቀድሞ የተደረገ ቀዶ ሕክምና ካለም እንዲሁ።

ራጅ

ራጅ በደንብ የሚለየው አምስት ነገር ነው፦ አየር፣ ስብ፣ ፈሳሽና ሥጋ፣ አጥንት፣ ብረት። ከጥቁር እስከ ነጭ ያለው ቀለም በሙሉ ከእነዚህ የሚመጣ ነው። ደም፣ መግል፣ ውሃ፣ ጡንቻና ጉበት ለራጅ አንድ ዓይነት ግራጫ ናቸው። ሳንባ ላይ የሚጎብዘው ሳንባ በአየር የተሞላ ስለሆነ ነው፤ ሆድ ላይ የሚደክመውም ሁሉም ነገር ግራጫ ስለሚሆንበት ነው። ሆድ ላይ ከሚጠቅምባቸው ጥቂት ጉዳዮች አንዱ አንጀት ወይም ጨጓራ ተበስቶ ከዲያፍራም (ደረትን ከሆድ ከሚለየው ጡንቻ) በታች የወጣ አየር ነው። ለዚያም በሽተኛው ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ቀና ብሎ መቀመጥ አለበት፣ አየሩ ወደ ላይ የሚሰበሰብበት ጊዜ ያስፈልገዋል።

የደረት ራጅ ሲነሳ «አየር ወደ ውስጥ ሳብ፣ ያዝ» የሚባለው በምክንያት ነው። በቂ አየር ካልተሳበ የሳንባው ታችኛ ክፍል ተጨፍልቆ ኒሞኒያ ይመስላል፤ ልብም ያበጠ ይመስላል። ጥሩ ፊልም ላይ ከዲያፍራም በላይ ከ9 እስከ 10 የሚሆኑ የኋላ ጎድን አጥንቶች ይቆጠራሉ። እናታችሁ ወይም አያታችሁ አማርኛ የማይሰሙ ከሆነ ትእዛዙን በሲዳምኛ አስረዷቸውና ከመነሳታቸው በፊት አንድ ሁለቴ አለማምዷቸው። በእኔ እምነት በዚህ አካባቢ ከሚበላሹት የደረት ፊልሞች ብዙዎቹ በዚህ ብቻ ይድኑ ነበር።

ሌላው ሹሩባ ነው። ወፍራም ሹሩባ ትከሻ ላይ ሲወርድ የሳንባው የላይኛ ጫፍ ላይ ነጣ ያለ ጥላ ሆኖ ይነሳል። ቲቢ አብዝቶ የሚቀመጠውም እዚያው ጫፍ ላይ ነው። ፀጉሩ ወደ ላይ ተሰብስቦ አናት ላይ ካልታሰረ ጤነኛ ሴት የሳንባ ቁስል ያለባት ልትመስል ትችላለች። ማተብ ላይ ያለ መስቀል፣ በቆዳ የተሰፋ ክታብ፣ የጡት መያዣ ሽቦና የደረት ኪስ ውስጥ የቀረ ሳንቲምም ሥዕሉ ላይ ይወጣሉ። ማተባችሁን መበጠስ አያስፈልግም። መስቀሉ ወደ አገጭ ከፍ ተደርጎ በፕላስተር ከተያዘ ከሳንባው ክልል ይወጣል፤ ባለሙያውን እንዲህ እንዲያደርግላችሁ ጠይቁት።

ስለ ቲቢ ራሱ፦ ራጅ ሳንባው ላይ ለውጥ መኖሩን ይናገራል፤ የሚያደርሰን እዚያ ድረስ ነው። ከ10 ዓመት በፊት የዳነ ቲቢ ጠባሳው ዕድሜ ልክ ይኖራል፤ በአንድ ፊልም ብቻ ከአዲሱ ለመለየት ብዙ ጊዜ ያስቸግራል። ኤችአይቪ ኖሮባቸው የመከላከል አቅማቸው በጣም የወረደባቸው ሰዎች ደግሞ ቲቢ እያለባቸው ፊልማቸው ንጹህ ሊሆን ይችላል። ባክቴሪያው መኖሩን የሚያረጋግጠው የአክታ ምርመራ ነው፤ ጂን ኤክስፐርት ማሽኑ ላይ ናሙናው ከገባ በኋላ 2 ሰዓት ያህል ይፈጃል። ሳሉ 2 ሳምንት ካለፈው ራጁ ደህና ነው ተብሎ የአክታው ምርመራ አይቅር።

አጥንት ላይ ራጅ አስተማማኝ ይመስላል፤ የሚሸውድባቸው ቦታዎች ግን አሉ። ከባጃጅ ወድቆ በመዳፉ መሬት የተደገፈ ሰው አውራ ጣቱን ወደ ኋላ ሲገትር አንጓው ላይ የሚጎደጉደው ቦታ ተነክቶ የሚያመው ከሆነ፣ ስካፎይድ የምትባለዋ ትንሽ አጥንት ተሰብራ ይሆናል። በመጀመሪያው ቀን ፊልም ላይ ስንጥቁ ብዙ ጊዜ አይታይም። ከ10 እስከ 14 ቀን ባለው ጊዜ የስብራቱ ጠርዝ በሰውነቱ ይሸረሸርና መስመሩ ይወጣል። ስለዚህ ትክክለኛው አካሄድ እጁን በጄሶ ወይም በድጋፍ ይዞ ቆይቶ እንደገና መነሳት ነው። እዚህ የሚሆነው ግን ሌላ ነው፤ «ራጁ ስብራት የለም ብሏል» ተብሎ ሰውየው ወጌሻ ዘንድ ይሄድና ይታሻል። ይህች አጥንት የደም አቅርቦቷ ደካማ ስለሆነ ከተንቀሳቀሰች ሳትገጥም ትቀራለች፣ ከፊሏም ሊሞት ይችላል፤ እጁ ዓመታት ያስቸግራል። የጎድን አጥንት ስንጥቅም እንዲሁ በራጅ ብዙ ጊዜ ያመልጣል። የደረቱ ፊልም በዋናነት የሚነሳው ሳንባ ተበስቶ እንደሆነና ደም ፈሶ እንደሆነ ለማየት ነው።

ዓሣ ከሚበላበት ከተማ ስለምንኖር የዓሣ እሾህን ለብቻው ላንሳው። አሞራ ገደል ቆሮሶ በልቶ እሾህ ጉሮሮው የተሰካ ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው ራጅ ነው። ቀጭን የዓሣ እሾህ ግን በአንገት ራጅ ላይ አብዛኛውን ጊዜ አይታይም፣ ወይም ከጉሮሮው ልም አጥንት ጋር ተቀላቅሎ ያደናግራል። አብዛኛው እሾህ የሚሰካው ቶንሲል ላይ ወይም ምላስ ሥር ስለሆነ ሐኪም በመብራትና በመስታወት አይቶ በመቆንጠጫ ያወጣዋል፤ ገንዘባችሁን መጀመሪያ እዚያ ላይ አውሉት። እንጀራ ጠቅልሎ ወይም ዳቦ ሳያኝኩ መዋጥ እሾሁን ወደ ጥልቁ ይገፋዋል። ትንሽ ጭረት ትቶ የወረደ እሾህም አንድ ሁለት ቀን ይቆረቁራል፣ ይህ ብቻውን አያስፈራም። ምራቅ መዋጥ ካቃተ፣ ትኩሳት ከመጣ፣ አንገት ካበጠ ወይም ሕመሙ ወደ ደረት ከወረደ ግን ራጁ ንጹህ መሆኑ ዋጋ የለውም፤ ሲቲ ስካን (አካልን በስስ ቁራጭ የሚያሳይ ራጅ) እና ኢንዶስኮፒ (በአፍ የሚገባ ካሜራ) ወዳለበት በዚያው ቀን መሄድ ነው።

ሕፃናት ላይም ተመሳሳይ ነገር አለ። ቆሎ ወይም ኦቾሎኒ እየበላ ድንገት ትን ብሎት ያሳለ ልጅ ፍሬው ሳንባ ቧንቧው ውስጥ ገብቶም ራጁ ጤነኛ ሊመስል ይችላል። ፍሬው ራሱ አይነሳም፣ ፕላስቲክና እንጨትም አይነሱም። የሚታየው የሚያስከትለው ነገር ነው፤ አንዱ ሳንባ አየር መልቀቅ አቅቶት ይነፋል፣ ያም በደንብ የሚለየው ልጁ አየር ሲያስወጣ በተነሳ ፊልም ነው። «ትን ብሎት ነበር» የሚለው የእናት ቃል ከንጹህ ፊልም ይበልጣል። የዋጠው ጠፍጣፋ ባትሪ ከሆነ ግን ራጁ በግልጽ ያሳያል፤ እንደ ሳንቲም ክብ ሆኖ ጠርዙ ድርብ ነው። ጉሮሮ ላይ ከቆመ በ2 ሰዓት ውስጥ ማቃጠል ስለሚጀምር እስከ ነገ አይቆይም።

አልትራሳውንድ

አልትራሳውንድ በድምፅ ሞገድ ይሠራል፣ ጨረር የለውም። ሁለት ነገር ያሸንፈዋል፦ አየርና አጥንት። አንጀት ውስጥ ጋዝ ካለ ከጋዙ በስተጀርባ ያለው ሁሉ ይጠፋል፤ ቆሽት ብዙ ጊዜ የማይታየውም ለዚህ ነው። ሪፖርታችሁ ላይ «ቆሽቱ በጋዝ ምክንያት አልታየም» የሚል መስመር ካለ ቆሽታችሁ አልተመረመረም ማለት ነው፤ ደህና ነው የሚል መልስ አይደለም።

ለላይኛው ሆድ ከ6 እስከ 8 ሰዓት ምግብ ሳይበሉ መምጣት ያስፈልጋል። ሐሞት ከረጢት ቅባት ሲገባ ይኮማተራል፤ የተኮማተረ ከረጢት ውስጥ ያለ ጠጠር አይለይም፣ ግድግዳውም ያበጠ ይመስላል። «ቁርስ አልበላሁም» የሚሉ ሰዎች ወተት ያለው ሻይ ወይም ቅቤ የገባበት ቡና ጠጥተው ይመጣሉ፤ ያ እንደ መብላት ነው። ማታ ቅቤ የበዛበት ቡርሳሜ የበላ ሰው ጠዋት 3 ሰዓት ላይ ችግር የለበትም፣ ሌሊቱ ይበቃዋል። ንጹህ ውሃ ይፈቀዳል። የስኳር ሕመምተኞች የጠዋቱን የመጀመሪያ ተራ ይጠይቁ፤ ምግብ ሳይበሉ ኢንሱሊን እንዳይወጉም ከሐኪማቸው ጋር አስቀድመው ይነጋገሩ።

በሆድ በኩል ለሚደረግ የማህፀን፣ የእንቁላል ማምረቻና የፕሮስቴት ምርመራ ደግሞ ፊኛ መሙላት አለበት። ከምርመራው 1 ሰዓት ቀደም ብሎ 1 ሊትር ያህል ውሃ ጠጥቶ አለመሽናት ነው። የሞላው ፊኛ አንጀቱን ገፋ አድርጎ ለሞገዱ መንገድ ይከፍታል።

አሁን ከሁሉም በላይ ገንዘብ ወደሚባክንበት ልግባ። ጨጓራውን ያመመው ሰው አልትራሳውንድ ይነሳል፣ ምንም አይገኝም፣ ሌላ ክሊኒክ ሄዶ ይደግመዋል። የጨጓራ ቁስለትና መቆጣት በአልትራሳውንድ አይታዩም። የጨጓራን ውስጠኛ ሽፋን የሚያሳየው ኢንዶስኮፒ ነው፤ ኤች ፓይሎሪ የሚባለው የጨጓራ ባክቴሪያ በሰገራ ወይም በትንፋሽ ምርመራ ይገኛል። ታይፎይድም በአልትራሳውንድ አይረጋገጥም። የጉበት ቫይረስ እንዲሁ፦ ጉበቱ በምስል ጤነኛ ሆኖ ሄፓታይተስ ቢ ደሙ ውስጥ ሊኖር ይችላል፤ መልሱ ያለው ደም ምርመራ ላይ ነው። የጉበት ስብ ራሱ ከ20 እስከ 30 በመቶ ያህል የጉበቱን ሕዋስ ካልያዘ በተለመደው አልትራሳውንድ አይለይም።

ኩላሊት ላይ ደግሞ ቅርጹንና ሥራውን አትቀላቅሉ። አልትራሳውንድ መጠኑን፣ ጠጠርን፣ የሽንት መታገድን ያሳያል። ኩላሊቱ ደሙን እያጣራ መሆኑን የሚነግረን ክሬያቲኒን የሚባለው የደም ምርመራና የሽንት ምርመራ ነው። ግፊት ወይም ስኳር ያለበት ሰው በአልትራሳውንድ «ኩላሊትህ ደህና ነው» ተብሎ እነዚህን ቢተው አደጋ ላይ ነው። ወደ ሽንት ቧንቧ የወረደ ትንሽ ጠጠርም በአልትራሳውንድ በቀላሉ ያመልጣል፤ ያለ ኮንትራስት (ምስል የሚያጎላ መድኃኒት) የሚነሳ ሲቲ ግን ጠጠርን ከሞላ ጎደል በሙሉ ያገኛል።

ትርፍ አንጀትን በተመለከተ አጭር ነገር፦ «ትርፍ አንጀቱ አልታየም» እና «ትርፍ አንጀቱ ጤነኛ ነው» በጣም የተለያዩ መልሶች ናቸው። ከአንጀት ጀርባ ተደብቆ ወይም በጋዝ ተሸፍኖ ሊሆን ይችላል። ሕመሙ ወደ ቀኝ ታች ከወረደና ከበረታ ወረቀቱን ይዛችሁ ቀዶ ሐኪም ዘንድ ተመለሱ።

ነፍሰ ጡር እናቶች ሊያውቁት የሚገባው ትልቁ ነገር የመጀመሪያው አልትራሳውንድ ለቀን ስሌት ከሁሉም የተሻለ መሆኑ ነው። እስከ 13 ሳምንት ድረስ የጽንሱ ርዝመት ሲለካ ስህተቱ ከ5 እስከ 7 ቀን ነው። በመጨረሻዎቹ ወራት ግን ወደ 3 ሳምንት ይደርሳል። ስለዚህ በ8ኛ ወር የተነሳው ሌላ ቀን ከሰጠ የመውለጃ ቀናችሁ አይቀየርም፤ የመጀመሪያውን ወረቀት አትጣሉት። የዓለም ጤና ድርጅት ከ24 ሳምንት በፊት ቢያንስ አንድ ምርመራ ይመክራል። የአካል ክፍሎች በደንብ የሚታዩት ከ18 እስከ 22 ሳምንት ባለው ጊዜ ነው፤ ያኔም ቢሆን አንዳንድ የልብ ችግሮች ያመልጣሉ፣ ዳውን ሲንድረምም በእርግጠኝነት አይታወቅም። የክብደት ግምት በ15 በመቶ ሊስት ይችላል፤ 3 ኪሎ የተባለ ልጅ 2 ኪሎ ተኩል ወይም 3 ኪሎ ተኩል ሊሆን ይችላል። በ20ኛው ሳምንት «የእንግዴ ልጁ ዝቅ ብሏል» ከተባለ ማህፀኑ ሲያድግ አብዛኛውን ጊዜ ከፍ ይላል፤ በ32ኛው ሳምንት አካባቢ ይታያል።

እርግዝና በሽንት ተረጋግጦ አልትራሳውንድ ማህፀን ውስጥ ምንም ካላሳየ ገና ከ5 ሳምንት በታች ሊሆን ይችላል፣ ወይም ከማህፀን ውጭ ያረገዘ ሊሆን ይችላል። ሁለቱን ለመለየት ደም ውስጥ ያለው የእርግዝና ሆርሞን ምርመራ ከ48 ሰዓት በኋላ ይደገማል። በዚህ መሐል ኃይለኛ የሆድ ሕመም፣ የትከሻ ሕመም ወይም ራስ መሳት ከመጣ ቀጠሮ አይጠበቅም።

ሲቲና ኤምአርአይ

አፉ ጠመም፣ እጁ ዝል ያለ ሰው በፍጥነት ሲቲ የሚነሳው በዋናነት ደም መፍሰሱን ለማወቅ ነው። የፈሰሰ ደም ወዲያው ነጭ ሆኖ ይወጣል። የደም ሥር ተዘግቶ የመጣ ስትሮክ ግን በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ሲቲ ላይ ላይታይ ይችላል። ስለዚህ «ሲቲው ንጹህ ነው» ሲባል ስትሮክ የለም ብላችሁ በሽተኛውን ወደ ቤት አትውሰዱ፤ ከሲቲው በፊትም አስፕሪን አትስጡት። ጭንቅላታቸውን የተመቱ አረጋውያን ደግሞ የመጀመሪያው ሲቲ ደህና ሆኖ ከ2 ወይም ከ3 ሳምንት በኋላ ራስ ምታት፣ መዘባረቅ ወይም የአንድ ጎን መድከም ከመጣ ቀስ ብሎ የተጠራቀመ ደም ሊኖር ስለሚችል እንደገና መነሳት አለባቸው።

ኮንትራስት ደም ሥሮችንና የተቆጡ ወይም ያበጡ ቦታዎችን ከአካባቢያቸው ለይቶ የሚያጎላ አዮዲን ያለው መድኃኒት ነው። ሲገባ ሰውነት ይሞቃል፣ አፍ ብረት ብረት ይላል፣ ሽንት የወረደ ይመስላል፤ ይህ በደቂቃ ውስጥ ያልፋል። ማሳከክ፣ የፊት ማበጥ ወይም ትንፋሽ ማጠር ግን ወዲያው ይነገር። ከመነሳታችሁ በፊት የክሬያቲኒን ውጤታችሁን ይዛችሁ ኑ፤ ሜትፎርሚን የሚባለውን የስኳር መድኃኒት የምትወስዱ ከሆነ ተናገሩ፤ ከዚህ በፊት ኮንትራስት አስቸግሯችሁ ከሆነ ደግሞ መጀመሪያ ይህን ተናገሩ። የምታጠባ እናት ማጥባቷን ትቀጥላለች።

ስለ ጨረር፦ አንድ የደረት ራጅ 0.1 ሚሊሲቨርት (የጨረር መለኪያ) ገደማ ነው፣ ከአካባቢያችን በ10 ቀን ግድም ከምናገኘው የተፈጥሮ ጨረር ጋር ይስተካከላል። የሆድ ሲቲ ከ8 እስከ 10 ሚሊሲቨርት ነው፣ የ3 ዓመት ያህል። አስፈላጊ ሲሆን ይህ አያስፈራም። ለልጅ ግን «ለማንኛውም ይነሳ» ብላችሁ ሐኪሙን አታስጨንቁ፤ ለእርጉዝ ሴትም እርግዝናው ለባለሙያው ሳይነገር አይነሳ።

ኤምአርአይ ጨረር የለውም፤ አእምሮን፣ ሕብለ ሰረሰርን፣ ጅማትንና የዲስክን (በአከርካሪ አጥንቶች መካከል ያለውን ትራስ) ሁኔታ ከሲቲ በተሻለ ያሳያል። ከ20 እስከ 45 ደቂቃ ሳይንቀሳቀሱ መተኛት ይጠይቃል፣ ድምፁም ከፍተኛ ነው። ማግኔቱ ሁልጊዜ ሥራ ላይ ነው። የልብ ምት መቆጣጠሪያ፣ ሰውነት ውስጥ የቀረ ጥይት ወይም ፍንጣሪ ያለው ሰው ቢረሳው ለሕይወት ያሰጋል። ብየዳ ሲሠራ ዓይኑ ውስጥ ብረት ገብቶ የሚያውቅ ሰው መጀመሪያ የዓይን ራጅ ይነሳል።

«ዲስክህ ወጥቷል» የሚል የኤምአርአይ ወረቀት ብዙ ሰው ያስደነግጣል። እ.ኤ.አ. በ1994 አሜሪካ ውስጥ ወገባቸውን ምንም የማያማቸው 98 ሰዎች ኤምአርአይ ተነስተው ሁሉም ዲስካቸው ጤነኛ ሆኖ የተገኘው 36 በመቶዎቹ ብቻ ነበሩ፤ ግማሽ ያህሉ ቢያንስ አንድ ያበጠ ዲስክ ነበራቸው። ሥዕሉ ላይ ያለው ዲስክ ለሕመማችሁ ምክንያት የሚሆነው ሕመሙ በዚያው ነርቭ መስመር እግር ላይ ሲወርድ ነው። ተራ የወገብ ሕመም በ6 ሳምንት ውስጥ አብዛኛውን ጊዜ ስለሚሻሻል ገንዘቡን ማቆየት ይሻላል። ሽንት መቆጣጠር ካቃተ፣ መቀመጫ አካባቢ ከደነዘዘ ወይም እግር እየሰነፈ ከሄደ ግን በዚያው ቀን ይነሳ።

እብጠት ሲገኝ ምስሉ ቦታውን፣ መጠኑንና ጠርዙን ይነግረናል፤ ካንሰር ይሁን አይሁን በመጨረሻ የሚወስነው ናሙና ነው። በተለይ ጡት ላይ በእጅ የሚዳሰስ ጠጣር እብጠት ካለ ማሞግራፊውም (የጡት ራጁም) አልትራሳውንዱም ንጹህ ቢሆኑ እንኳ በሐኪም ታይቶ ናሙና የሚወሰድበት ጊዜ አለ። በእጅ የሚዳሰስ ነገር በምስል ስላልታየ አይረሳም።

ውጤቱን ስትቀበሉ የሪፖርቱን የመጨረሻ አንቀጽ ብቻ አታስነብቡ፤ ያልታየውና ውስን የሆነው የሚጻፈው ከላይ ባለው ክፍል ነው። ሐኪማችሁን «ይህ ምርመራ የጠየቁትን ጥያቄ መልሷል ወይስ ሌላ ይቀራል?» ብላችሁ ጠይቁ። የድሮ ፊልም አትጣሉ፤ ከ2 ዓመት በፊትም የነበረ ነጥብ ካላደገ ሰውን ከቀዶ ሕክምና ያድናል። አሁን የሚታተመው ፊልም ሙቀት ስለሚያጠቁረው ፀሐይ ላይ የቆመ መኪና ውስጥ አይቀመጥ። ሲዲ ከተሰጣችሁም ከመውጣታችሁ በፊት እዚያው ኮምፒውተር ላይ እንዲከፈት ጠይቁና በላዩ ያለው ስም፣ ዕድሜና ቀን የእናንተ መሆኑን አንብቡ።